ከቆጡ ላይ የሚሰማው መዶሻ

የምስክርነት ቃል መቀበያ

የምስክር ስም፦ ወ/ሮ ጠይባ ሽኩር
ዕድሜ፦ 38
የጋብቻ ሁኔታ፦ ባል የሞተባት፣ የልጆች እናት
የትምህርት ደረጃ፦ ስድስተኛ ክፍል
ሥራ፦ የከሰል ምድጃና የቆርቆሮ ዕቃ ንግድ
አድራሻ፦ አዲስ ከተማ ክፍለ ከተማ፣ አውቶቡስ ተራ አካባቢ
ተጠርጣሪ፦ ሰላሃዲን ጃፋር
የግል ተበዳይ፦ ወ/ት ሎዛ ሀብተ ወልድ
ቃሉ የተሰጠበት ቀን፦ ሚያዝያ 16 ቀን 2001 ዓ.ም.
ቃሉን የተቀበለችው፦ ምክትል ሳጅን ያለምወርቅ ጥጋቡ

እኔ ስሜና አድራሻዬ ከላይ የተገለጸው ምስክር፣ ሚያዝያ 14 ቀን 2001 ዓ.ም. ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ገደማ ምናለሽ ተራ በሚገኘው ሱቃችን ቆጥ ላይ በወ/ት ሎዛ ሀብተ ወልድ ላይ ስለደረሰው ጉዳት የማውቀውን እንድናገር ተጠይቄ፣ ማንም ሳያስገድደኝ የሚከተለውን ቃል ሰጥቻለሁ።

ተጠርጣሪው ሰላሃዲን ጃፋር የሟች ባለቤቴ የባህረዲን ጃፋር ታናሽ ወንድም ነው። በመካከላችን ጠብ ኖሮ አያውቅም። ባለቤቴ ከሞተ ወዲህ እኔንም ልጆቼንም የሚያየን እሱ ነው። ይህን አስቀድሜ የምናገረው በኋላ እንደደበቅኩ እንዳይቆጠርብኝ ብዬ ነው።

ባለቤቴ ባህረዲን ከልጅነቱ ጀምሮ ምናለሽ ተራ ቆርቆሮ ሲቀጠቅጥ የኖረ ሰው ነበር። አሮጌ በርሜል ገዝቶ፣ ቆርጦና አቅንቶ የከሰል ምድጃ ይሠራል። ሱቁ ከታች መሥሪያ ሲሆን ከላይ የጣውላ ቆጥ አለው። ወደ ቆጡ የሚወጣው በእንጨት መሰላል ነው፤ መሰላሉ የሚገባበት ቀዳዳ መዝጊያ የለውም። ቆጡን ድሮ ዕቃ እናስቀምጥበት ነበር።

የግል ተበዳይ ሎዛ ወደ እኛ የመጣችው በ2000 ዓ.ም. መጀመሪያ፣ ዝናቡ እንዳባራ ነው። ቆጡን አከራዩኝ አለች። ሥዕል እንደተማረች፣ አሁን ግን የምትሠራው በፊልምና በድምፅ እንደሆነ ነገረችን። ባለቤቴ የሰርግ ቪዲዮ የምታነሳ መስሎት ስለዚያ ሲጠይቃት፣ «አይ ጋሼ ባህረዲን፣ የኔ ፊልም ታሪክ የለውም» አለችው። «ታሪክ ከሌለው ሰው ምን ሊያይ ይመጣል?» ቢላት፣ «የእርስዎን እጅ» አለችው። እሱም እጁን ገልብጦ አይቶ ሳቀና የሱቁን ቁልፍ ሰጣት።

ሥራዋ ለሰፈሩ እንግዳ ነበር። ከአሮጌ ዕቃ ሻጮች የቆየ የፊልም ጥቅል ትገዛለች። ፊልሙን በሚስማር ትፍቀዋለች፣ ብረት ሲዝግበት በቆየ ውሃ ትዘፈዝፈዋለች፣ ከዚያ ቆጡ ላይ ገመድ ዘርግታ እንደ ልብስ ታሰጣዋለች። ሲደርቅ በፕሮጀክተር ቆርቆሮ ላይ ታበራዋለች። አንድ ቀን ጠርታ አሳየችን። ሰው የለው፣ ቤት የለው፤ ቀይና ጥቁር ነገር እየተርመሰመሰ ያልፋል። እኔ ምንም አልገባኝም። ባለቤቴ ግን እጁን አጣምሮ እስኪያልቅ ድረስ አየና «ይቺ ቀይዋ የኔ ዝገት ናት?» ብሎ ጠየቃት። አዎ ስትለው ደስታውን አልቻለውም። ለሰው ሁሉ «ዝገቴ ሲኒማ ገባ» እያለ ሲያወራ ሰነበተ።

ድምፅ ደግሞ በካሴት ትቀዳለች። መቅረጫዋን አንዳንዴ በርሜል ውስጥ ታስገባዋለች፣ አንዳንዴ መሥሪያው ማገር ላይ አንጠልጥላ ትታው ትወጣለች። ባለቤቴ በጣም ለመደው። አንዱን በርሜል በመዶሻ፣ ሌላውን በእንጨት እየመታ «ሎዛ፣ ይኼኛውንስ ስሚው እስቲ» ይላታል። እሷም ዓይኗን ጨፍና ትሰማለች። የሁለቱ ነገር ሥራ ይሁን ጨዋታ ለእኔ አይለይልኝም ነበር። ባለቤቴ በሥራው እንዲህ ሲደሰት ግን ከዚያ በፊት አላየሁትም።

መስከረም 2001 ዓ.ም. መጨረሻ ላይ ባለቤቴ ቀለሙን ሊያቃጥልለት እሳት ላይ ያወጣው በርሜል ፈንድቶ ሞተ። በርሜሉ ውስጥ ታጥቦ ያልወጣ ነገር ቀርቶ እንደነበረ በጊዜው ተጣርቶ አደጋ ነው ተብሏል። በዚያ ሰዓት ሎዛ ካሜራዋን ይዛ ወደ ሲኒማ ራስ ወጥታ ነበር። መቅረጫዋ ግን ማገሩ ላይ እየቀዳ ነበር። እኔ ቤት ልብስ እያጠብኩ ነበርኩ፤ ባህረዲን ተጎድቷል ብለው ጠሩኝ። ከግቢ መውጣቴን አስታውሳለሁ። ከዚያ ቀጥሎ የማስታውሰው ሆስፒታል በር ላይ ቆሜ ዘበኛው ሲያናግረኝ ነው። በመካከሉ ያለው እኔ ዘንድ የለም። ሰዎች «ወዲያው ነው ያለፈው፣ አልተሰቃየም» አሉኝ። እኔም ከዚያ በላይ አልጠየቅኩም።

ሎዛ ለቅሶው ላይ ከሴቶች ጋር ተቀምጣ ሰነበተች፤ ከዚያ ጠፋች። ታኅሣሥ ላይ ተመልሳ ቆጡን መልቀቅ እንደማትፈልግ ነገረችን። ሰላሃዲን ራሱ ተስማምቶ ቁልፉን ሰጣት። እኔ በዚያን ጊዜ ከታች ያለውን መሥሪያ ሱቅ አድርጌው ጎረቤታችን ጎበዜ የሚሠራቸውን ምድጃዎች እሸጥ ነበር። ሰላሃዲን ፊት ለፊት ባለው የራሱ ሱቅ ላሜራ ይሠራል። ከባለቤቴ ወዲህ በእኛ ቤት መዶሻ ያነሳ ሰው አልነበረም።

ጥር ውስጥ አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ለደንበኛ ምድጃ በገመድ እያሰርኩ ሳለ ከቆጡ ላይ የመዶሻ ድምፅ ሰማሁ። የባለቤቴ የመዶሻ አመታት ልማድ ነበረው፤ ሁለቴ ቆርቆሮውን ይመታና አንዴ ከሥር የሚያስቀምጠውን የሃዲድ ቁራጭ ይመታል። ከዚያ በጥርሱ መካከል እንደ ፉጨት የቀጠነ ትንፋሽ ያወጣል። የሰማሁት እሱን ነው። ቀጥሎም በራሱ ድምፅ «ውሃ አቀብሉኝ» አለ። እኔ «መጣሁ» ብዬ መለስኩና ገመዱን ለቅቄ ጆጉን አነሳሁ። ጆጉን ከያዝኩ በኋላ ነው መሞቱ ትዝ ያለኝ።

ጎበዜ መዶሻውን እንደያዘ ደጃፉ ላይ ወጥቶ ቆመ። ከእሱ ቀጥሎ ያሉትም አንድ በአንድ ሥራቸውን አቆሙ። ምናለሽ ተራ በቀን ዝም ሲል ያን ዕለት ብቻ ነው ያየሁት። ጎበዜ እኔን ሳያይ ወደ ጣሪያው አንጋጥጦ «ጋሼ ባህረዲን?» አለ። ደንበኛዬ የነበረችው ሴት ምን እንደሆነ ሳታውቅ ዕቃዋን ትታ ሄደች።

ወደ ቆጡ ወጣሁ። ሎዛ መስኮቱን በካርቶን ጋርዳ መሬት ላይ ተቀምጣ ነበር። ግድግዳው ላይ ባቆመችው ቆርቆሮ ላይ የባለቤቴ እጅ በብርሃን ይንቀሳቀሳል። አውራ ጣቱ ላይ ያለችው ጠባሳ ሳትቀር ትታያለች። ሎዛ እኔን ስታይ ደንግጣ ድምፁን ዘጋችው። እጁ ግን ያለ ድምፅ መምታቱን ቀጠለ።

«እትዬ ጠይባ፣ ወደ ታች ይሰማል ብዬ አላሰብኩም፤ ይቅር በይኝ» አለችኝ። ለምን እንደምትሰማው ጠየቅኳት። «ሥራው ላይ አብረን ነበርን። ብቻዬን እንዴት እንደምጨርሰው አላውቅም» አለች። ከዚያ እያለቀሰች አስረዳችኝ። በፊልሙ ላይ እጁ ሲወርድ ድምፅ የለም፤ ድምፁ ሲመጣ ደግሞ እጁ የለም። እንዲህ ያደረግሽው ማገናኘት አቅቶሽ ነው ወይስ ስላልፈለግሽ ብላት፣ «ሁለቱም» አለችኝ። አጠገቧ ተቀመጥኩና ክፈቺው አልኳት። አብረን ሰማን። ባለቤቴ በሞተበት ቀን የተቀዳው ካሴት እሱ «በል እሱን በርሜል ወዲህ አምጣው» ከሚልበት ቦታ ሲደርስ ዘጋችው። ከዚያ ወዲያ ያለው ምን እንደሆነ ሁለታችንም እናውቅ ነበርና አልጠየቅኳትም።

ወሬው በተራው ሁሉ ተዳረሰ። አንዳንዱ ሱቃችን ፊት ሲደርስ ሌላ መንገድ ይይዛል። አንዳንዱ ደግሞ ምድጃ የሚገዛ መስሎ ገብቶ ጆሮውን ወደ ላይ አድርጎ ይቆማል። ሎዛ ድምፁን ብትቀንሰውም ቆጡ ጣውላ ስለሆነ ይሰማ ነበር። እኔ ራሴ አንዳንድ ቀን ሳይከፈት የሚሰማኝ እየመሰለኝ ወጥቼ አያለሁ፤ ሎዛ የለችም፣ መቅረጫውም ተዘግቷል።

አማቴ ወ/ሮ ጠሂራ ይህን ሰምተው የካቲት ውስጥ ከዘራቸውን ይዘው መጡ። ዓይናቸው ከደከመ ቆይቷል፤ ብርሃንና ጥላ ብቻ ነው የሚለዩት። ጎበዜ ከኋላ እየደገፋቸው፣ እኔ ከላይ እጃቸውን ይዤ መሰላሉን አወጣናቸው። ሎዛ ልትከፍት ፈራች። አማቴ «ክፈቺው ልጄ» አሏት። ከፈተችው። ከዘራቸውን ተደግፈው አዳመጡ። የሚያለቅሱ መስሎኝ ስጠብቅ፣ ያን ትንፋሹን ሲሰሙ ወደ እኔ ዞረው «ይሄ ልጅ ጉንፋን ይዞታል እኮ» አሉኝ።

ከዚያ ቀን ጀምሮ አይቀሩም። ከዙህር ሰላት በኋላ ይመጣሉ፣ የአስርን ሰላት እዚያው ቆጡ ላይ ይሰግዳሉ፣ ሊመሽ ሲል እንወስዳቸዋለን። ምሳውን በጨርቅ ቋጥረው ያመጡለታል። ስፒከሩ ፊት ያስቀምጡትና ብላ ይሉታል። የልጆቹን ወሬ ይነግሩታል። ታናሽየው ጥርሱ ወለቀ፣ ትልቋ ከክፍሏ ሁለተኛ ወጣች ይሉታል። ባለቤቴ መዶሻውን መምታት ሲያቆምና ትንፋሹን ሲያወጣ የመለሰላቸው ይመስላቸዋል፤ እውነቱን ለመናገር አንዳንዴ ለእኔም እንደዚያ ይመስለኝ ነበር። ቤት ሲመለሱ ምግብ አይቀምሱም። ለምን ሲባሉ ከልጄ ጋር በልቻለሁ ይላሉ። ሰውነታቸው እያለቀ ሄደ።

ሰላሃዲን ይህን ሁሉ ከሱቁ ሆኖ ያያል። መጀመሪያ ሬዲዮውን ጮክ አድርጎ ይከፍት ነበር። ኋላ ጆሮው ላይ ጥጥ ሲወትፍ አየሁት። መጋቢት ላይ ወደ ሎዛ ወጥቶ በእርጋታ ተናገራት። እናቱ እየሞተችበት እንደሆነ፣ ቆጡን እንድትለቅ፣ ለእሷ ክፉ እንደማይመኝ ነገራት። ሎዛም እውነትህን ነው ብላ ተስማማች። ዕቃዋን በካርቶን አድርጋ ማሸግ ስትጀምር አማቴ ደረሱ። ካርቶኑን በእጃቸው ዳስሰው አገኙትና ላዩ ላይ ተቀመጡ። «እሷ ከወጣች እኔንም አብራችሁ ጫኑኝ» አሉ። ሰላሃዲን «እማዬ፣ ካሴት እኮ ነው! ሰው የለም እዚያ ውስጥ!» አላቸው። እሳቸውም «አንተስ ሰው ከሌለ ጥጡን ምን ሊያደርግልህ ወተፍከው?» አሉት። ሰላሃዲን ወርዶ ወደ ሱቁ ተመለሰ። ሎዛም ቀረች።

አሁን ወደ ዕለቱ እመጣለሁ። ሚያዝያ 14 ቀን ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ገደማ ቆጡ ላይ እኔ፣ አማቴና ሎዛ ነበርን። ሱቁን ጎበዜ እንዲያይልኝ አደራ ብየው ነው የወጣሁት። ፕሮጀክተሩም መቅረጫውም ተከፍተው ነበር። ካሴቱ የተለመደው ቦታ ደረሰና ሎዛ ዘጋችው። አማቴ ከዚያ በፊት ጠይቀው የማያውቁትን ጠየቁ።

«ለምንድነው ሁልጊዜ እዚህ ጋ የሚያቆመው?»

«እኔ ነኝ የማቆመው እማማ» አለች ሎዛ።

«ከዚያ ወዲያስ ምን አለ?»

«ካሴቱ ይቀጥላል። እኔ ሰምቼው አላውቅም። አልቻልኩም።»

«እኔ እችላለሁ። የወለድኩት እኔ ነኝ።»

ሎዛ ወደ እኔ አየች። አይሆንም ማለትም፣ ይሁን ማለትም አልቻልኩም። አማቴ እጃቸውን ዘርግተው የሎዛን ጉልበት ያዙና «ልጄ፣ አትከልክይኝ» አሏት። ሎዛ ጣቷን የመቅረጫው ቁልፍ ላይ አደረገች። ልትጫነው ስትል ሰላሃዲን በመሰላሉ ወጣ።

ከሥራው ላይ ተነስቶ ስለመጣ መዶሻ ይዟል። የእናቱን ንግግር ከታች ሆኖ ሰምቶ እንደሆነ አላውቅም። ቆርቆሮው ላይ የወንድሙ እጅ እየወረደና እየተነሳ ነበር፤ እሱ ሲወጣ ብርሃኑ ፊቱ ላይ አረፈበት። ድንገት ጮኸ። «እኔ ነኝ ያጠብኩት! በዚህ እጄ ነው ገላውን ያጠብኩት! አፈር ያለበስኩት እኔ ነኝ! አንቺ ማን ሆነሽ ነው የምታስነሺብኝ?» አለ። ከዚያ ፕሮጀክተሩን በመዶሻው መታው። መብራቱ ጠፋ። ከካርቶኑ ጠርዝ የሚገባ ብርሃን ስለነበረ ማየት እችል ነበር። ስፒከሩን መታው። የተሰጣውን ፊልም በጭብጥ እየያዘ በጠሰው። ወደ መቅረጫው ሲዞር ሎዛ መቅረጫውን ደረቷ ላይ አቅፋ ተቀመጠች። አንዴ የሰነዘረው መዶሻ የመቅረጫውን ጠርዝ አግኝቶ ሰበረው።

በመዶሻው እሷን መትቷት እንደሆነ ተጠይቄ፣ አልመታትም። መዶሻውን ጣለው፤ ጣውላው ላይ ሲወድቅ ሰምቻለሁ። ከዚያ ግን በሁለት እጁ ትከሻዋን ይዞ አነሳትና ገፈተራት። ከኋላዋ የመሰላሉ ቀዳዳ ነበር። መቅረጫውን እንዳቀፈች በጀርባዋ ወደ ታች ወደቀች። ወደ ቀዳዳው ሆን ብሎ ነው የገፋት ወይ ተብዬ ስጠየቅ፣ ልቡን አላውቅም። ቀዳዳው የት እንደሆነ ግን ሁላችንም እናውቃለን። ሁለት እጁ ትከሻዋ ላይ እንደነበረና እንደገፋት በዓይኔ አይቻለሁ። ተንሸራታ አልወደቀችም።

ስትወድቅ አማቴ ተነስተው ቆሙ። «ማን ነው የወደቀው?» አሉ። «ባህረዲን ነው?» አሉ። ይህን ሲሉ ሰላሃዲን የሞተ ሰው መሰለ።

ቀድሞ የወረደው እሱ ነው። ሎዛ ከራሷ ደም ይፈሳል፣ ግራ ክንዷ ከሥሯ ታጥፏል። እሱ ልብሱን አውልቆ ራሷን አሰረ፤ በሁለት እጁ ታቅፏት እየጮኸ በሰዉ መካከል እየሮጠ ወደ ሲኒማ ራስ ወጣ። ጎበዜ ታክሲ አስቁሞ አብሯቸው ሄደ። ሆስፒታል ያደረሷት እነሱ ናቸው። ፖሊስ ሲመጣ ሰላሃዲን እዚያው በሩ ላይ ተቀምጦ እንደተገኘ ሰምቻለሁ።

በማግስቱ ጠዋት የባለቤቴ ዘመዶች ተሰብስበው ቤቴ መጡ። ልጅቷ መሰላሉን ሳታይ ወደ ኋላ ስትሸሽ ወደቀች እንድል፣ ሌላው በሽምግልና እንደሚያልቅ ነገሩኝ። አንደኛው «ሰላሃዲን ከታሰረ ልጆችሽን ማን ያሳድጋል? አስበሽዋል?» አለኝ። አስቤዋለሁ። ሌሊቱን ሙሉ ሌላ ነገር አላሰብኩም።

ከዚያ ምግብ ይዤ ሰላሃዲን ወደታሰረበት ወደዚህ ጣቢያ መጣሁ። «ነቅታለች?» ብሎ ጠየቀኝ። ትናገራለች ብለውኛል አልኩት። ግንባሩን የእስር ቤቱ በር ብረት ላይ አድርጎ አለቀሰ። ምን ልትመሰክሪ ነው ብሎ አልጠየቀኝም፤ እንዲህ በይልኝም አላለኝም። የቋጠርኩትን ሳይፈታ መለሰልኝና ለእናቴ ስጫት አለኝ።

ሆስፒታልም ሄጄ ሎዛን አየኋት። ክንዷ በጀሶ ታስሯል፣ ፊቷ አብጧል፣ ቀስ ብላ ነው የምትናገረው። ስለ ራሷ ሳታነሳ «እማማ ሰሙት?» አለችኝ። አልሰሙትም አልኳት። ዓይኗን ጨፈነች። ከዚያ «እትዬ ጠይባ፣ ራሷ ናት የወደቀችው በይ ካሉሽ በይ። እኔ አልቀየምሽም» አለችኝ። ከባለቤቴ ዘመዶች ሁሉ ይልቅ ልዋሽ እችል የነበረው በእሷ ቃል ነው። ጠይቄያት ስወጣ ግን ደረጃው ላይ ተቀመጥኩና ባለቤቴ «ልጄ፣ ልጄ» ይላት የነበረውን አሰብኩ። ስለዚህ ያየሁትን እንዳየሁት ተናግሬያለሁ። ሰላሃዲን ክፉ ሰው አይደለም። ይህንንም ያየሁትን ያህል አውቀዋለሁና አብሮ ይጻፍልኝ።

በኤግዚቢትነት የተያዘው ካሴት በዕለቱ ቆጡ ላይ ይሰማ የነበረው መሆኑን እንድለይ ተጠይቄአለሁ። መቅረጫው ቢሰበርም ካሴቱ ሳይጎዳ ከውስጡ መውጣቱ ተነግሮኝ፣ በመርማሪዋ ፊት በጣቢያው ቴፕ ተከፈተ። የመዶሻው ድምፅና «ውሃ አቀብሉኝ» የሚለው የባለቤቴ የባህረዲን ጃፋር ድምፅ መሆኑን ለይቻለሁ። «በል እሱን በርሜል ወዲህ አምጣው» የሚለውም የእሱ ነው።

መርማሪዋ ቴፑን አልዘጋችውም። እንዲዘጋ አልጠየቅኩም። የእሳት ድምፅ ተሰማ፣ የሰው ወሬ ተሰማ። ከዚያ ፈነዳ። ከጠበቅኩት ያነሰ ነው፤ አንድ ሰው ትልቅ ሳህን የጣለ ያህል ነው። ቀጥሎ እንደ ትንኝ ጢዝ የሚል ድምፅ ብቻ ለብዙ ጊዜ ሄደ። ከዚያ ጎበዜ ውሃ ውሃ እያለ ሲጮህ ተሰማ፤ ሰዎች ይሯሯጣሉ። በኋላም አንዲት ሴት እየጮኸች ስትገባ ተሰማ። ቃል የለውም ጩኸቷ። ይቺ ሴት ማን ናት ተብዬ ስጠየቅ አላውቃትም፣ ከጎረቤት አንዷ ትሆናለች ብዬ መልሻለሁ።

ከጩኸቱ ሥር የባለቤቴ ድምፅ መጣ። ቀጭን ነው፣ ግን እሱ ነው። «ጠይባ፣ ጫማሽ የታለ?» አለ። ሴትየዋ «ቤት ነው፣ ቤት ትቼው መጣሁ፣ ዝም በል አትናገር» አለችው። እሱም «እግርሽ ደማ» አላት። ከዚያ ወዲያ የእሱ ድምፅ የለም።

ስለዚህ ቀደም ሲል አላውቃትም ያልኩትን አርሜ፣ የምትጮኸው ሴት እኔ ራሴ መሆኔን አረጋግጣለሁ። በዚያ ሳምንት የግራ እግሬ መርገጫ ተቆርጦ ሲያመኝ በምን እንደተቆረጠ አላውቅም ነበር። እንደደረስኩ፣ እንዳነጋገረኝ አላውቅም ነበር። እዚህ ላይ መርማሪዋ ውሃ ሰጥታኝ ቃል መቀበሉ ለጥቂት ጊዜ ተቋርጧል።

ተጨማሪ ቃል፦

አማቴ ወ/ሮ ጠሂራ ከጠዋት ጀምሮ ጣቢያው በረንዳ ላይ ባለው አግዳሚ ወንበር ተቀምጠው ስለነበር፣ ካሴቱ ወደ ፍርድ ቤት ከመሄዱ በፊት እንዲያዳምጡት ይፈቀድላቸው ብዬ ጠየቅኩ። መርማሪዋ ይህ በሕጉ የተለመደ እንዳልሆነ ነግራኝ ወጥታ አለቃዋን አማከረች። ተመልሳ በፊቷ እንዲሆንና በቃሌ ላይ እንዲጻፍ ሆኖ ተፈቀደ።

አማቴ ገብተው ወንበር ላይ ተቀመጡ፤ ከዘራቸውን ጉልበታቸው ላይ አጋደሙ። ካሴቱ ከሚቆምበት ቦታ ትንሽ ቀደም ብሎ ተከፈተ። ሲፈነዳ የእጄን አንጓ ያዙ። ያ እንደ ትንኝ ያለው ድምፅ ሲሰማ ከንፈራቸው ይንቀሳቀስ ነበር። ሴቲቱ እየጮኸች ስትገባ ወደ እኔ ዘንበል አሉ።

«ይቺ የምትጮኸው ማን ናት?»

«እኔ ነኝ እማዬ» አልኳቸው።

እጃቸውን አንስተው ዝም እንድል አደረጉኝ። ስለ ጫማዬ ሲጠይቀኝ ሰሙ፤ ስለ እግሬ የተናገረውንም ሰሙ። የእሱ ድምፅ ካለቀ በኋላም ለብዙ ጊዜ እጃቸውን አላወረዱም። ካሴቱ ላይ የሚሰማው የሰዎች ግርግር ብቻ ሆነ።

«ለካ ደርሰሽለት ኖሯል» አሉኝ። ቀጥለውም ወደ መርማሪዋ ዞረው «በቃ ልጄ፣ ዝጊው» አሏት።

ያየሁትና የሰማሁት ይህ ነው። ለተጠርጣሪው ብዬ ያጎደልኩት፣ ለተበዳይዋም ብዬ የጨመርኩበት የለም። ቃሌ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ጮክ ተብሎ ተነቦልኝ የራሴ ቃል መሆኑን አረጋግጬ፣ ፍርድ ቤት ብጠራም ይህንኑ እንደምደግም አውቄ ፈርሜያለሁ።

የምስክር ፊርማ፦ ጠይባ ሽኩር

ካሴቱ ሲሰማ የነበሩ፦ ወ/ሮ ጠሂራ (መፈረም ስለማይችሉ የቀኝ አውራ ጣት አሻራ)

ቃሉን የተቀበለችው፦ ም/ሳጅን ያለምወርቅ ጥጋቡ (ፊርማ)